የሟች ገቢ በማን ደብተር ይገኛል? ከመኪና አደጋ ሞት በኋላ ካሳ እንዴት እንደሚሰላ

የመቃብሩ አፈር ሳይደርቅ ሽማግሌ ይመጣል። ቃሊቲም ሆነ ሰበታ፣ ቡራዩም ሆነ ለገጣፎ፣ መኪና ሰው ከገደለበት ቤት ድንኳኑ ሳይነቀል የሹፌሩ ወገኖች ይደርሳሉ። ሐዘን ይቀመጣሉ፣ አብረው ያለቅሳሉ፣ ንፍሮውንም ይቀምሳሉ። ሠልስቱ ካለፈ በኋላ ግን አንዱ ሽማግሌ ጉሮሮውን ጠረግ አድርጎ፣ «እማማ፣ እሱም እንደ ሟች የልጆች አባት ነው፤ ቢታሰር የሞተው አይመለስም» ይላል። ገንዘብ ይጠራል። አብዛኛውን ጊዜ የቀብርና የአርባውን ወጪ ሸፍኖ ትንሽ የሚተርፍ ነው። ከዚያ ወረቀት ይወጣና «ከእንግዲህ በዚህ ጉዳይ ምንም ዓይነት ጥያቄ የለንም» የሚል ቃል ሰፍሮበት ቤተሰቡ ይፈርማል፤ መጻፍ የማይችል ካለም አሻራውን ያኖራል።

የሞት ካሳ የሚወሰነው በፍርድ ቤት ነው ብለን እናስባለን። በአዲስ አበባ ዳርቻ ግን ዳኛው መዝገቡን ከመክፈቱ በፊት ገንዘቡ በከፊል ተወስኖ ያድራል። የሚወስነውም በመጀመሪያዎቹ ሳምንታት የተፈረመው፣ የተሰበሰበው ወይም ሳይሰበሰብ የቀረው ወረቀት ነው። ሕጉ ለሟች ቤተሰብ የሚሰጠው መብት ብዙ ሰው ከሚገምተው ይሰፋል፤ ችግሩ መብቱ ወደ ብር ሲመነዘር ነው።

ከመብቱ ልጀምር። በ1952 ዓ.ም የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ እስከ ዛሬ ድረስ የሚሠራ ሲሆን በአንቀጽ 2081 የመኪና ባለቤት መኪናው ላደረሰው ጉዳት ተጠያቂ ነው ይላል። መሪውን ራሱ ባይዝም፣ ሹፌሩን ያላዘዘው ቢሆንም፣ ምንም ጥፋት ባይኖርበትም ይከፍላል። ከኃላፊነቱ የሚያመልጥባቸው በሮች ጥቂት ናቸው። አንዱ መኪናው በአደጋው ጊዜ ተሰርቆበት እንደነበር ማስረዳት ነው። ሌላው ደግሞ ጉዳቱ በሙሉም ሆነ በከፊል የደረሰው በሟች ጥፋት መሆኑን ማሳየት ነው። ስለዚህ ቤተሰብ የሹፌሩን ጥፋተኝነት ካላረጋገጠ ካሳ አያገኝም የሚባለው ስህተት ነው። ሹፌሩ በወንጀል ችሎት ነፃ ቢወጣ እንኳ የፍትሐ ብሔሩ ዳኛ በዚያ ውሳኔ አይታሰርም።

እዚህ ላይ ነው ሊብሬ የሚባለው የመኪና ባለቤትነት ደብተር ራስ ምታት የሚሆነው። በዳርቻው የሚመላለሱት ብዙዎቹ መኪኖች፣ በተለይ አሸዋና ጠጠር የሚያመላልሱት፣ በውክልና የተሸጡ ናቸው። አንዱ ለሌላው በውክልና ይሸጣል፣ ያኛውም ለሦስተኛ ሰው፤ ስም ግን አይዛወርም። አደጋ በደረሰ ጊዜ ሊብሬው ላይ ስሙ ያለው ሰው «እኔ ከሸጥኩት ቆይቻለሁ» ይላል፤ መኪናውን የያዘው ደግሞ «በስሜ አይደለም» ይላል። ልምድ ያለው ጠበቃ ሁለቱንም ይከሳል። ጠበቃ የሌለው ቤተሰብ አንዱን መርጦ ይከስና ያ ሰው ባለቤት አለመሆኑን ሲያስረዳ እንደ አዲስ ይጀምራል።

የሟችን ጥፋት በተመለከተ ደግሞ ልብ ሊባል የሚገባው ነገር አለ። በአዲስ አበባም ሆነ በዙሪያዋ በመኪና አደጋ ከሚሞቱት አብዛኞቹ እግረኞች ናቸው። የአዲስ–አዳማ ፈጣን መንገድ ከሚጀምርበት ከቱሉ ዲምቱ አካባቢ ያለውን አሰፋፈር ያየ ሰው ምክንያቱን አይጠይቅም። ቤቱ በዚህ፣ ታክሲው በዚያ፣ መሻገሪያው ደግሞ ሩቅ ነው። የትራፊክ ፖሊስ ደርሶ የአደጋውን ፕላን ሲያነሣ ቃሉን የሚሰጠው ሹፌሩ ነው። «ዘሎ ገባብኝ» ይላል። ሟች ምን መልስ ይሰጣል? ያቺ ሁለት ቃል ከዓመት በኋላ ካሳውን በሲሶ ወይም በግማሽ ስታስቀንስ ትገኛለች፤ ሕጉ ተጎጂው ለጉዳቱ አስተዋጽኦ ካደረገ ካሳው እንዲቀነስ ያዛልና። ይህን የሚያክም አንድ ነገር ብቻ ነው። ምስክር። ምስክሩ ደግሞ ጉልት የምትቸረችረዋ ሴት፣ ሊስትሮው፣ የሚኒባሱ ወያላ ናቸው። ጉልቷ ወደ ሌላ ሰፈር ትዛወራለች፣ ሊስትሮው አገር ቤት ይገባል። ስማቸውና ስልካቸው በሦስት ቀን ውስጥ ካልተያዘ ከዚያ በኋላ ፈልጎ ማግኘት ዘበት ነው።

አሁን ወደ ገንዘቡ እንምጣ። በአንቀጽ 2095 መሠረት ሰው በአደጋ ሲሞት የትዳር ጓደኛው፣ ወላጆቹና ልጆቹ በሟች ሞት ምክንያት ለደረሰባቸው ቁሳዊ ጉዳት በራሳቸው ስም ካሳ መጠየቅ ይችላሉ፤ ካሳውም በቀለብ፣ ማለትም በኑሮ መደገፊያ መልክ ነው። ይህ «በራሳቸው ስም» የሚለው ነገር ክብደት አለው። ካሳው ውርስ አይደለም። ሟች ትቶት የሄደ ንብረት ስላልሆነ በወራሾች መካከል እኩል የሚቆረስ ዳቦ አይደለም፤ እያንዳንዱ ሰው በጎደለበት ልክ የሚያገኘው ነው። ቢሆንም ቤተሰቦች በየቢሮው ሲንከራተቱ መጀመሪያ የሚጠየቁት «የወራሽነት ማስረጃ አምጡ» ነው። ማስረጃው ራሱ አይከፋም፤ የማን ልጅ ማን እንደሆነ ያሳያል። ጣጣው ብዙውን ጊዜ የሚመጣው ከሚስት በኩል ነው። በዳርቻው ሰፈር ብዙ ትዳር በሽማግሌና በድግስ የተመሠረተ እንጂ በመዝገብ የሰፈረ አይደለም። የጋብቻ ምስክር ወረቀት የሌላት ሴት ከሟች ጋር እንደ ባልና ሚስት ስትኖር እንደነበር በምስክሮች ማስረዳት ትችላለች፤ ግን ይህም ራሱን የቻለ ሌላ መዝገብ፣ ሌላ ቀጠሮ ነው።

የጎደለው ምን ያህል ነው? የአንድ ሰው ቀለብ በወር ስንት ያወጣል? ስንት ዓመት ይቀጥል ነበር? ለማየት እንዲመቸን አንድ ግንበኛ እናስብ። ዕድሜው 34፣ ባለትዳርና የሁለት ልጆች አባት፣ ትንሹ ልጅ 8 ዓመቱ ነው። ኮንዶሚኒየም ሳይትና የግለሰብ ቤት እየዞረ ይሠራል እንበል፤ በወር በአማካይ 12,000 ብር ያገኛል። ይህ የእኔ ምሳሌ ነው እንጂ የማንም መዝገብ አይደለም።

አንዱ ዳኛ እንዲህ ሊያሰላ ይችላል። ከ12,000 ብር ሲሶውን ለራሱ ያውለው ነበር ብሎ 4,000 ይቀንሳል፤ ለቤተሰቡ 8,000 ይቀራል። በዓመት 96,000 ብር ነው። ሰው እስከ 60 ዓመቱ ይሠራል ብሎ 26 ዓመት ሲያባዛው 2,496,000 ብር ይመጣል።

ሌላው ዳኛ በተመሳሳይ መዝገብ፣ «ገቢው በሰነድ አልተረጋገጠም» ብሎ 6,000 ብር ብቻ ይቀበላል። ግማሹን ለራሱ ያውለው ነበር ይላል፤ 3,000 ይቀራል። ትንሹ ልጅ 18 ዓመት እስኪሞላው ድረስ ብቻ በማሰብ በ10 ዓመት ያባዛል። ውጤቱ 360,000 ብር ነው።

ያው ሰው፣ ያው አደጋ፣ ያው ሕግ፤ ልዩነቱ ግን ሰባት እጥፍ ገደማ ነው። ከሁለቱ አንዱም «ሕግ ጣሰ» ተብሎ በቀላሉ የሚሻር አይደለም፤ ሕጉ ሲሶ ወይም ግማሽ ቀንስ፣ 60 ዓመት ወይም 18 ዓመት ውሰድ የሚል ሠንጠረዥ አላስቀመጠምና። የሚለው በአንቀጽ 2102 ነው፦ የጉዳቱ መጠን በትክክል የማይታወቅ ሲሆን ዳኛው ነገሮች በተለመደው አካሄድ ሊሆኑ የሚችሉትን አይቶ በርትዕ፣ ማለትም ሚዛናዊ ነው ባለው መጠን ይወስን። እኔ እንደማየው የብዙው ድሃ ካሳ የሚያንሰው ይህ አንቀጽ ወደ ታች ብቻ ስለሚነበብ ነው። «አልተረጋገጠም» ማለት «አነስተኛ ነው» ማለት ይሆናል። ርትዕ ግን ወደ ላይም ያያል። ግንበኛ በከተማው ዳርቻ በቀን ስንት እንደሚከፈለው ገበያው የሚያውቀው ነገር ነው፤ ሦስት ፎርማን ጠርቶ መጠየቅ ይቻላል። አገራችን ለግል ሠራተኛ የተደነገገ ዝቅተኛ የደመወዝ ወለል ስለሌላት ዳኛው እንደ መነሻ የሚይዘው ቁጥር የለም፤ ስለዚህ ገበያውን ከመጠየቅ ሌላ ቀና መንገድ የለውም።

የገቢ ማስረጃ ሲባል ሰው ሁሉ የሚያስበው የደመወዝ ደብዳቤ ነው። የቀን ሠራተኛ፣ የጉልት ነጋዴ፣ የባጃጅ ሹፌር፣ ከሰንዳፋ ወተት የምታመጣ ሴት የደመወዝ ደብዳቤ የላቸውም። ይሁን እንጂ ወረቀቱ አለ፤ የት እንዳለ ያልተፈለገ ብቻ ነው። የፎርማኑ ደብተር ላይ የቀን ሠራተኛው ስም ከፊርማው ጋር ይገኛል፤ ቀኑ፣ የሠራው ሰዓት፣ የተከፈለው ገንዘብ ይታያል። ደብተሩ ሥራው ሲያልቅ ይጣላል፤ ስለዚህ በቶሎ ፎቶ ይነሣ። የዕቁብ ጸሐፊ ሟች በሳምንት ስንት ይጥል እንደነበር ያውቃል፤ በሳምንት 1,000 ብር ዕቁብ የሚጥል ሰው በወር 3,000 ብር ያገኛል ቢባል ማንም አያምንም። በቴሌብር የገባለትና የላከው ገንዘብ ስልኩ ውስጥ አለ፤ ብዙ ቤተሰብ ግን ሲም ካርዱን ለሌላ ልጅ ይሰጠውና መልእክቶቹ ይጠፋሉ። የቤት ኪራይ ውል፣ የትምህርት ቤት ክፍያ ደረሰኝ፣ አገር ቤት ላሉ ወላጆች በየወሩ ይልክ የነበረው ገንዘብ ሁሉ ስለ ገቢው ይናገራል። አንዲት እናት ይህን ሁሉ በአንድ ፌስታል አድርጋ ጠበቃ ዘንድ ብትቀርብ የመዝገቡ መልክ ይለወጣል።

ሟች ደመወዝ ያላገኘ ሲሆንስ? የቤት እመቤት ስትሞት ብዙ ቤተሰብ ክስ አያቀርብም፤ «ምን ገቢ ነበራት?» ይላል። ይህ ከስህተትም በላይ ነው። ልጅ ታሳድግ፣ ምግብ ታበስል፣ አረጋዊ እናቷን ታስታምም የነበረች ሴት ስትሞት ያንን ሥራ የሚተካ ሰው መቅጠር ያስፈልጋል። የቤት ሠራተኛ ደመወዝ ደግሞ በየሰፈሩ የታወቀ ነው። ቁሳዊ ጉዳት ማለት ይህ ካልሆነ ምን ሊሆን ነው? ሕፃን ሲሞት የወላጆች ነገር ግን የበለጠ ይከብዳል፤ ወደፊት ይጦራቸው ነበር የሚለው ግምት ላይ የሚቆም ስለሆነ ዳኞች ይለያያሉ።

ከቁሳዊው ጉዳት ሌላ የሕሊና ጉዳት ካሳ አለ። ሕጉ ለሟች ቤተሰብ ይህን ካሳ ሲፈቅድ በአንቀጽ 2116 መጨረሻ ላይ ጣሪያ አስቀምጦለታል፤ 1,000 ብር። ሕጉ በ1952 ዓ.ም ሲወጣ ለአንድ የአሜሪካ ዶላር 2 ብር ከ50 ገደማ ይመነዘር ስለነበር ያ ገንዘብ ወደ 400 ዶላር ይጠጋ ነበር። ሐምሌ 2016 ዓ.ም ብር ለገበያ ከተለቀቀ በኋላ 1,000 ብር ከ10 ዶላር በታች ሆኗል። አሥር ኪሎ ጥሩ ጤፍ እንኳ በደንብ አይገዛም። ጣሪያው በሕግ ስለተጻፈ ዳኛው ቢያዝንም ሊያልፈው አይችልም፤ የሚያነሣው ሕግ አውጪው ብቻ ነው። አንዳንድ ዳኛ ይህን አውቆ የቁሳዊውን ክፍል ሰፋ አድርጎ ሲያየው ይታያል፤ ይህ ግን የዳኛው ደግነት ነው።

ኢንሹራንሱስ? መኪና ሁሉ የሦስተኛ ወገን መድን እንዲኖረው የሚያስገድደው በሥራ ላይ ያለው አዋጅ ቁጥር 799 በ2005 ዓ.ም ሲወጣ ለአንድ ሰው ሞት የሚከፈለው ከ5,000 ብር እንዳያንስ፣ ከ40,000 ብር እንዳይበልጥ ወስኖ ነበር። ቁጥሩ ይነሣም ይውረድም መረዳት ያለብን አንድ ነገር ነው። ይህ ጣሪያ የኢንሹራንስ ኩባንያው ግዴታ ጣሪያ እንጂ የቤተሰቡ መብት ጣሪያ አይደለም። ከጣሪያው የሚያልፈውን ባለመኪናው ከኪሱ ይከፍላል። የኩባንያው ሠራተኛ ቼኩን ሲሰጥ የሚያስፈርመው ወረቀት «ሙሉ ካሳ ተቀብያለሁ» የሚል ከሆነ በደንብ ይነበብ፤ የተቀበላችሁት ከኩባንያው የሚገባችሁን መሆኑ ይጻፍበት። ገጭቶ ያመለጠ መኪና ወይም መድን የሌለው መኪና የገደለው ሰው ቤተሰብ ደግሞ ባዶ እጁን አይቀርም፤ ለዚህ የተቋቋመ የመድን ፈንድ አለና በአዋጁ ወሰን ውስጥ ይከፍላል። ለዚህ የፖሊስ ሪፖርት ግድ ነው። አደጋ ባያችሁ ጊዜ ታርጋውን ብቻ ሳይሆን የፊት መስታወቱ ላይ የተለጠፈውን የመድን ስቲከርም ፎቶ አንሡ፤ ኩባንያውን ለማወቅ ቤተሰቡን ብዙ ወራት ያድነዋል።

አሁን ወደ ሽማግሌዎቹ። ሽምግልናን ማንቋሸሽ አልፈልግም። በዚህ አካባቢ ጉማ የሚባለው የኦሮሞ እርቅ ሥርዓት ሁለት ቤተሰቦች እንዳይጠላሉ፣ ደም እንዳይፈላለጉ ያደርጋል፤ ፍርድ ቤት ያን አይሠራም። ግን የሽማግሌው መንገድ ሌላ ጉልበትም አለው። በቸልተኝነት ሰው የገደለ ሹፌር በወንጀል ሕጉ አንቀጽ 543 ይከሰሳል፤ ሙያዊ ግዴታ ያለበት ሰው ከ1 እስከ 5 ዓመት፣ ሁለት ሰው ወይም ከዚያ በላይ ከገደለ ወይም ሰክሮ ከነበረ ደግሞ ከ5 እስከ 15 ዓመት ሊታሰር ይችላል። ተጎጂን መካስና መጸጸት ቅጣት ማቅለያ ነው። ስለዚህ የሹፌሩ ቤተሰብ ወረቀቱን የሚፈልገው ቅጣቱ ከመወሰኑ በፊት ነው። የሟች ቤተሰብም ይህን ቢያውቅ የእሱም እጅ ባዶ እንዳልሆነ ይገነዘባል።

ችግሩ ወረቀቱ ላይ የሚጻፈው ቃል ነው። በፍትሐ ብሔር ሕጉ የእርቅ ስምምነት በተስማሙት መካከል ይግባኝ እንደሌለው ፍርድ ይቆጠራል። «ምንም ጥያቄ የለንም» ብሎ የፈረመ ሰው ባለመኪናውን ሊከስ ሲሄድ ያው ወረቀት ይቀርብበታል። ገንዘቡ የቀብር ወጪ ከሆነ «የቀብር ወጪ» ተብሎ ይጻፍ። የቀለቡ ካሳ ለብቻው ይቆይ፤ ባለመኪናውና ኢንሹራንሱም ከስምምነቱ ውጭ መሆናቸው በግልጽ ይስፈር። ትንንሽ ልጆች ካሉ እናት ወይም አያት ብቻዋን በእነሱ ፋንታ ከምትፈርም ስምምነቱን ፍርድ ቤት እንዲያየውና እንዲያጸድቀው ማድረግ ይበጃል። ጥሩ ሽማግሌ ይህን ሲነገረው አይቆጣም። የሚቆጣ ከመጣ ለማን እንደሚሸመግል ታውቁታላችሁ።

ሌላው የሚረሳው ጊዜ ነው። ከውል ውጭ ለሚደርስ ጉዳት ክስ የማቅረቢያ ይርጋው፣ ማለትም ካለፈ መክሰስ የማይቻልበት ጊዜ፣ 2 ዓመት ነው፤ ድርጊቱ በወንጀል ሕግ ረዘም ያለ ይርጋ ካለው ያ ረዘም ያለው ይሠራል። ይህን ሁለተኛውን ተማምኖ ብዙ ቤተሰብ የወንጀሉ ጉዳይ እስኪያልቅ ይጠብቃል። እኔ አልመክርም። ዓመት ሲቆጠር ፎርማኑም፣ ሊስትሮውም፣ መኪናውም ከቦታው ይጠፋሉ።

የት ነው የሚከሰሰው? በ2015 ዓ.ም ሸገር ከተማ ሲመሠረት ቡራዩ፣ ሰበታ፣ ሱሉልታ፣ ለገጣፎና ገላን በሥሩ ገብተዋል። የከተማው ወሰን መንገዱን አቋርጦ በሚያልፍበት ሰፈር አደጋው ከአንድ መታጠፊያ በዚህ ወገን ወይም በዚያ ወገን መድረሱ ጉዳዩን የአዲስ አበባ ወይም የኦሮሚያ ፍርድ ቤት ሊያደርገው ይችላል። ቤተሰቡ ጉዳቱ በደረሰበት ወይም ተከሳሹ በሚኖርበት ቦታ የመምረጥ ዕድል ሊኖረው ስለሚችል ጠበቃውን አስቀድሞ ይጠይቅ። የኦሮሚያ ችሎት የሚሠራው በአፋን ኦሮሞ ነው፤ ቋንቋውን የማይችል አስተርጓሚ ይጠይቅ፣ መብቱ ነው። የዳኝነት ክፍያው የሚሰላው በተጠየቀው ገንዘብ ልክ ስለሆነ ሰው ክፍያውን ፈርቶ ጥያቄውን ያሳንሳል፤ ዳኛ ደግሞ ከተጠየቀው በላይ አይፈርድም። መክፈል ለማይችል ሰው በደሃ ደንብ የመክሰስ መንገድ አለ።

ከሁሉም በላይ ግን የሚያስቆጨኝ የተፈረደ ካሳ ሳይሰበሰብ ሲቀር ማየት ነው። ቀይ ሽብር የሚል ስም የወጣለት ሲኖትራክ ሰው ገድሎ ከፖሊስ ግቢ ሲለቀቅ በማግስቱ ሥራ ላይ ነው፤ በወሩ ደግሞ ሊሸጥ ይችላል። ክሱ በቀረበበት ቀን መኪናው እንዳይሸጥ፣ እንዳይለወጥ ዕግድ መጠየቅ ይቻላል፤ ዕግዱ መኪናው ለተመዘገበበት የትራንስፖርት ቢሮ ሲደርስ ስም ማዛወር ይቆማል። ዕግድ ሳይጠየቅ ዓመት ተኩል ተሟግቶ ያሸነፈ ቤተሰብ በአፈጻጸም መዝገብ ላይ ባለመኪናው ሌላ ንብረት እንደሌለው ይነገረዋል። መኪናው የባንክ ዕዳ ካለበት ደግሞ ሐራጅ ቢወጣም መጀመሪያ ባንኩ ይወስዳል። ስለዚህ ክስ ስታቀርቡ የዕግድ ማመልከቻውን አብራችሁ አስገቡ። ዕዳ እንዳለበት ለማወቅም ከዚያው ቢሮ ማስረጃ አውጡ፤ ዕዳ ካለበት የባለቤቱን ሌላ ንብረት፣ ቤትም ሆነ የንግድ ድርሻ፣ ከወዲሁ መፈለግ ይሻላል።